ክብ ማኅተም የሌለው ወረቀት

ኅዳር 3፣ ማክሰኞ። ከቀኑ 11 ሰዓት።

ከውድድር ጣሉኝ። ሠላሳ አንድ ዓመት ያገለገልሁበት መዝገብ ቤት ኃላፊ ሊሾምለት ነው፤ እኔን አትወዳደርም አሉኝ። ምክንያቱ አንዲት ወረቀት። ያለፈው ዓመት የሁለተኛው ስድስት ወር የሥራ አፈጻጸም ውጤቴ ከማኅደሬ ውስጥ የለም አሉ። የሁለት ጊዜ ውጤት ያላሟላ ሠራተኛ ለደረጃ ዕድገት አይወዳደርም ይላል መመሪያው። ይላል፤ አውቀዋለሁ። መመሪያውን ለመ/ቤቱ ሰው ሁሉ ሳነብ የኖርሁት እኔ ነኝ።

ሰው ወረቀት ሲጠፋበት ወደ እኔ ይመጣል። አሁን የእኔው ጠፋ። ያስቃል። አልሳቅሁም።

ውጤቱን ሰሌዳ ላይ ለጥፈውታል። ያለፈችው ሰናይት ናት። ስድስት ዓመት አጠገቤ ተቀምጣ ሥራውን ከእኔ የተማረች ልጅ። ዲግሪ አላት። እጇም ንጹሕ ነው፤ አልዋሽም።

ጡረታዬ ሐምሌ ነው። ሌላ ማስታወቂያ ቢወጣም እኔን አያገኘኝም። ፋይል አቅራቢ ሆኜ ገባሁ፤ ፋይል አቅራቢ ሆኜ ልወጣ ነው። የተወሰደብኝ ይህ ነው። ሌላ አልፈለግሁም። በሩ ላይ ስሜና «ኃላፊ» የምትል አንዲት ቃል። ለስምንት ወር።

አስጠሉኝ።

ኅዳር 4፣ ረቡዕ። ከምሽቱ 12 ሰዓት።

በሥራ ሰዓት አልጻፍሁብህም። ከቢሮም የወሰድሁህ አይደለህም፤ ከገበያ የገዛሁህ መዝገብ ነህ። በኋላ ነገር እንዳይመጣ ይህ ይጻፍ።

ጠዋት የሰው ሀብት ኃላፊው ዘንድ ገባሁ። ዓለማየሁ ይባላል። ወንበር አልሰጠኝም አልልም፤ ሰጠኝ፤ አልተቀመጥሁም። ወረቀቴ የት ገባ አልሁት። እየሳቀ፦

«ጋሽ ይግዛው፣ ማኅደርዎ ያለው ከእርስዎው ክፍል ነው። ሄደው ከፍተው ይዩት እንጂ!»

ይህን ሰው እየው። በእኔ መዝገብ ቤት ማንም የራሱን ማኅደር አይከፍትም። እኔም ጭምር። የእኔን ወረቀት ሰናይት ትሰፋለች፣ የእሷን እኔ እሰፋለሁ። በሠላሳ አንድ ዓመት የራሴን ማኅደር አንድ ቀን ገልጬ አላየሁም። አሁን ስለ ተበደልሁ ልክፈተው? ዛሬ እኔ ብከፍት ነገ ሁሉ ይከፍታል።

ሌላው መ/ቤት ማኅደር በሽቦ ያያይዛል። እኛ ዘንድ ይሰፋል። ልጅ ሆኜ ደረስጌ ማርያም ዳዊት ስደግም፣ መጽሐፍ የሚደጉሱ አንድ መሪጌታ ነበሩ። ብራናውን ቅጠል በቅጠል በወስፌ እየበሱ በድርብ ማግ ሲሰፉ አይ ነበር። ከዚያ ነው ያመጣሁት። ሽቦ ቢነቅሉትና ቢመልሱት የሚያውቅ የለም። ክር ግን ከተቆረጠ ይታያል። በየቅጠሉ ራስ ላይ ደግሞ በቀይ እስክርቢቶ ቁጥር አለ። አንድ ቅጠል ቢወጣ ቁጥሩ ይጮኻል።

ስለዚህ ማኅደሬ ዳኛ ፊት ይከፈት። ቁጥሩ ይዘላል። ክሩ ተቆርጦ ይገኛል። ዓለማየሁ ቀዶ አውጥቶታል። ከእሱ በቀር ቁልፍ ወስዶ የሚገባ የለም።

ኅዳር 7፣ ቅዳሜ።

አቤቱታዬን ጻፍሁ። አራት ገጽ። ጠበቃ አልያዝሁም፤ ማመልከቻ ጸሐፊም አልፈለግሁም። አዋጁን አንብቤዋለሁ፤ ደንቡን አንብቤዋለሁ፤ መመሪያውን አንብቤዋለሁ። ያስተማረኝ የለም። ከዳዊት በኋላ ያወቅሁት ሁሉ ብቻዬን ቁጭ ብዬ የተማርሁት ነው። «የሰው ሀብት ኃላፊው ሆን ብለው ሰነዴን ቀድደው አውጥተዋል» የሚለውን ሁለት ጊዜ ጻፍሁት፤ አንድ ጊዜ በመግቢያው፣ አንድ ጊዜ በመደምደሚያው።

ጌጤ ገብስ ስታበጥር ቆይታ መጣች። አርባ ዓመት ሊሞላን ነው ከተጋባን። አነበብሁላት። ሰምታ ጨረሰችና፣

«አንተ ሰውዬ፣ ቀድዷል ያልኸው አይተኸው ነው?»

አላየሁም፤ ግን ይታወቃል አልኋት።

«ወንድሜ ከመካነ ብርሃን ሁለት ቀን በእግሩ መጥቶ፣ ማኅተም የለውም ብለህ የመለስኸው ትዝ ይልሃል? ሁለት ቀን መጣ፣ ሁለት ቀን ተመለሰ። እሱ ቀደደብኝ አላለም።»

የእሱ ወረቀት ማኅተም አልነበረውም። የእኔ ግን ጠፋ። ልዩነቱ አይታያትም። ሰፌዷን ይዛ ወጣች።

ኅዳር 12፣ ሐሙስ።

ሚካኤል ነው። ሳስቀድስ እንኳ ልቤ ሰሌዳው ላይ ነበር። ኃጢአት ነው፤ እጽፈዋለሁ።

የመ/ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ መልስ ትናንት ደረሰኝ። ሁለት መስመር። «የቀረበው ቅሬታ በማስረጃ ያልተደገፈ በመሆኑ አልተቀበልነውም።» አራት ገጽ ጽፌ ሁለት መስመር። የኮሚቴው አባላት ሦስት ናቸው፤ ሦስቱም ዓለማየሁ ጋ ምሳ ይበላሉ። ደብዳቤው ክብ ማኅተም አለው። እሱንስ አልረሱትም።

ይግባኝ እላለሁ። ደባርቅ።

ኅዳር 17፣ ማክሰኞ። ከቀኑ 10 ሰዓት።

ሌሊት አመዳይ ጥሎ አደረ። መንገድ ሁለት ቀን ተዘግቶ ዛሬ ተከፈተ አሉ። ገና ጎሕ ሲቀድ መናኸሪያ ደረስሁ። ሚኒባሱ እስኪሞላ ሁለት ሰዓት። ረዳቱ «አባት፣ ጠጋ በሉ፣ አንድ ሰው እናስገባ» አለ። ለሦስት የተሠራ ወንበር ነው፣ ሦስት ሆነናል፣ አልጠጋም አልሁ። ከኋላ አንድ ገበሬ «ሕግ አዋቂ ነው መሰለኝ» አለና ተሳቀብኝ። አልተጠጋሁም።

የመንግሥት ሠራተኞችን ይግባኝ የሚሰማው ችሎት የሚቀመጠው ደባርቅ፣ ከኮረብታው ሥር ካለ ቆርቆሮ ቤት ነው። በሩ ላይ የተሰለፈውን ሰው አየሁ። ግማሹ አስተማሪ፣ ግማሹ የጤና ሠራተኛ። ሁሉም ፕላስቲክ ከረጢት ይዟል፤ በየከረጢቱ ወረቀት። አንዲት ነርስ ዕድገቷ ለሌላ ከተሰጠ ሁለተኛ ዓመቷ ነው። አንድ አስተማሪ ስድስተኛ ቀጠሮው። እንዲህ ሆኖ ነው አገር የሚሠራው። አንገሸገሸኝ።

የሬጅስትራሩ ጸሐፊ አቤቱታዬን ገለጠና የማን ጽሕፈት ነው ብሎ ጠየቀ። የእኔ አልሁት። ከጠበቆቹ ይሻላል አለ። ደስ አለኝ። ወዲያው ደስ ማለቴ አስጠላኝ።

ቀጠሮ፦ ታኅሣሥ 1። መ/ቤቱ ማኅደሬንና የወጪ ደብዳቤ መዝገቡን ይዞ እንዲቀርብ ታዘዘ። ጥሩ። ቁጥሩ ይናገራል።

ኅዳር 18።

ጾም ነው። ሽምብራ ቆሎ። ቢሮ ማንም ከእኔ ጋር አይነጋገርም። ሥራ ብቻ። አርባ ሁለት ቅጠል ሰፋሁ።

ኅዳር 24፣ ማክሰኞ።

ሰናይት ከሥራ በኋላ እስከ ቤቴ ተከትላኝ መጣች። በር ላይ ቆመች። ነጠላዋን ወደ ጆሮዋ ስባ፣ «ጋሼ፣ ስለዚያች ወረቀት አንድ ነገር ልንገርዎ» አለች።

አቆምኋት። በክርክሩ ያለ ሰው ከችሎት በፊት ከሌላው ወገን ጋር አይመክርም አልኋት። ሹመቱ የእሷ ነው፤ እሷ ሌላ ወገን ናት።

«ሌላ ወገን?» አለች። «እኔ? ጋሼ፣ እኔ ነኝ እኮ። ሰናይት።»

የምትይው ካለ ለዳኛ ንገሪ አልሁ።

«ዳኛ ፊት ከሆነ ለእርስዎ መጥፎ ነው። ለዚህ ነው የመጣሁት።»

ይህን ስትል ጠረጠርሁ። ልታስፈራራኝ ነው ብዬ። በሩን ዘጋሁት። ከውስጥ ሆኜ እርምጃዋን ሰማሁ፤ ቶሎ አልሄደችም።

ጌጤ ሁሉን ሰምታለች። ምስር ክክ ስትለቅም ቀና ሳትል፣ ልጂቱ ያለቀሰች መሰለኝ አለች። ለምን ታለቅሳለች? ያሸነፈች እሷ።

ታኅሣሥ 1፣ ማክሰኞ። ከቀኑ 9 ሰዓት። ደባርቅ፣ መናኸሪያ።

ጽሕፈቴ ዛሬ አያምርም። ብርዱ ነው። አይደለም። እውነቱን ልጻፍ።

ዳኞቹ ሦስት ናቸው። ሰብሳቢዋ ሴት ናት፤ ከልጄ አትበልጥም። ከመ/ቤቱ ወገን ዓለማየሁና ነገረ ፈጁ ቀረቡ። ሰናይት ከኋላ ወንበር ላይ ነበረች፤ ሰነድ ይዛ እንድትመጣ ታዛ ነው።

ተናገርሁ። ሩብ ሰዓት። ቁጥሩን፣ ክሩን፣ ቀይ እስክርቢቶውን። ነገረ ፈጁ መልስ ለመስጠት እንኳ አልተነሣም፤ ማኅደሬን ለሰብሳቢዋ አቀረበ። ይኸው ነው አለ።

ገለጠችው። ጣቷን ከቅጠል ቅጠል እያሳረፈች ቆጠረች። ከአንድ ተነሥታ። ስልሳ አንድ። ስልሳ ሁለት። ስልሳ ሦስት። አለቀ።

«አባቴ፣ የጎደለው የትኛው ገጽ ነው?»

ከቆምሁበት ሆኜ ክሩን አየሁት። ቋጠሮው የሰናይት ነው፤ እኔ ያሳየኋት፣ ከታች ወደ ላይ የሚታሰር። አልተነካም። አንድ ቅጠል አልወጣም። ወረቀቷ መጀመሪያም እዚያ ገብታ አታውቅም።

ከዚያ የወጪ መዝገቡን ገለጡ። ያለፈው ነሐሴ። ነገረ ፈጁ ጮክ ብሎ አነበበ፦ «የአቶ ይግዛው የሥራ አፈጻጸም መመዘኛ ቅጽ። ክብ ማኅተም ስለሌለው ወደ ፈራሚው ተመልሷል።» ሥሩ ፊርማ አለ።

ሰብሳቢዋ የማን ጽሕፈት እንደ ሆነ ጠየቀች። ነገረ ፈጁ ፈገግ አለ። ዓለማየሁ መሬት መሬት አየ።

«የእኔ ነው» አልሁ።

ያን ጊዜ ትዝ አለኝ። ነሐሴ ነው፣ ዝናብ ነው። ሰናይት ከጠረጴዛዋ ቀና ብላ፦ ጋሼ፣ ይቺ ፊርማ አላት፣ የስም ቲተር አላት፣ ክብ ማኅተም የላትም። እኔ ሳላይ፦ መልሻት። ቀጥሎ መዝገቡ ላይ ራሴ ጻፍሁት። ስሙን ጽፌዋለሁ። የራሴን ስም። ያን ቀን ሃያ የሚሆን ወረቀት መልሻለሁ፤ እንደ ሌላ ሰው ስም ጻፍሁትና አለፍሁ።

በኅዳር ሰናይት ደጄ ላይ ቆማ ልትነግረኝ የነበረው ይህን ነው።

ሰብሳቢዋ ቀጠሮ ሰጠች። ቅጹን የፈረሙት የቀድሞ አለቃ ዘንድ ያለው ሰነድ፣ ማኅተም ያረፈበት ሆኖ ታኅሣሥ 10 ከቀረበ ችሎቱ ያየዋል አለች። ካልቀረበ በዚያው ቀን ይወሰናል። በደግነት ነው ያደረገችው። ደግነቷ አፈር አስመሰለኝ።

ከመውጣታችን በፊት ፈቃድ ጠይቄ ተነሣሁ። አቶ ዓለማየሁን ሰነድ ቀደደ ብዬ ጽፌአለሁ፤ አልቀደደም፤ ቃሌን አንሥቻለሁ አልሁ። መዝገብ ላይ እንዲሰፍር ጠየቅሁ። ሰፈረ።

ታኅሣሥ 2።

ራሴን ተጸየፍሁ። ሌላ የምጽፈው የለም።

ታኅሣሥ 5፣ ቅዳሜ። ድብ ባሕር።

የፈረመው አለቃ አቶ ካሣ ይባላል። ቅጹን በሞላበት ወር ጡረታ ወጣ። ድብ ባሕር ከመንገዱ ዳር ሱቅ ከፍቷል፤ ሳሙና፣ ባትሪ ድንጋይ፣ ለአውቶቡስ ተሳፋሪ ብስኩት። ሲያየኝ ከባንኮኒው ኋላ ሳይነሣ፦

«አንተ ይግዛው! እስካሁን አልሞትህም?»

ሄጄ ነበር፣ ማኅተም የለህም ብለው መለሱኝ አልሁት። ሱቁ ውስጥ የነበሩት ሁሉ ሳቁ። እኔም፣ ከኅዳር ወዲህ የመጀመሪያዬ ነው፣ ሳቅሁ።

የመጣሁበትን ነገርሁት። ተነሥቶ ወደ ጓዳ ገባ። የመሬቱን ካርታና የጡረታውን ወረቀት ከሚያኖርበት ከረጢት ውስጥ አወጣት። እጥፏ ላይ ቢጫ ብላለች። በደንብ ተይዛለች። ስትመለስለት ለምን እንዳላስመታት ጠየቅሁት። ማኅተሙ ከጸሐፊዋ መሳቢያ ነበር፤ እሷ ወሊድ ላይ ነበረች፤ ቁልፉን ይዛው ሄዳለች። ነገ አስመታለሁ፣ ነገ አስመታለሁ ሲል የጡረታው ቀን ደረሰ። ይህ ነው። ለዚህ ነው። ክፋት እንኳ አይደለም። ክፋት ቢሆን ይሻለኝ ነበር።

ከመቶ ዘጠና አራት ሰጥቶኛል። ከሁሉ የሚበልጥ ውጤት። በአስተያየት መስመሩ ላይ በእጁ ሁለት ቃል ጽፏል፦ «ታማኝ። አስቸጋሪ።»

ይህች ብትገባ ኖሮ ማለፌ ነበር። ይህን አሁን በዓይኔ አየሁት።

ካሣ ሲሸኘኝ ትከሻዬን ያዝ አድርጎ፣ ዓለማየሁን አነጋግረው፣ ልጁ ክፉ አይደለም አለኝ። ክፉ አለመሆኑን አሁን አውቃለሁ። ታዲያ ምንድን ነው? ገና አላወቅሁትም።

ታኅሣሥ 7፣ ሰኞ። ከቀኑ 11 ሰዓት ተኩል።

አወቅሁት።

ወረቀቷን ይዤ ዓለማየሁ ዘንድ ገባሁ። ዛሬ ወንበር ሲሰጠኝ ተቀመጥሁ፤ የበደልሁት ሰው ነውና። ስለ ከሰስሁት ይቅርታ ጠየቅሁ። ይርሱት አለ። ወረቀቷን ተቀብሎ አየ፤ ዘጠና አራቱን ሲያይ ፉጨት አወጣ። ከዚያ መሳቢያውን ሳበ። ማኅተሙን አወጣ። ክዳኑን ከፈተ። ቀለሙን ሲያስነካ እጁን ያዝሁት።

ምን ልታደርግ ነው አልሁ።

«ልመታው ነዋ። ያው ማኅተም ነው፣ ጋሼ፤ አምናም ይኸው ነበር። ቀኑን ማን ያየዋል? ፊርማው ያኔ ነው፣ ቲተሩ ያኔ ነው። ማኅተም ዕድሜ የለውም።»

ሰናይትስ አልሁ። ሌላ ቦታ እናገኝላታለን፣ ከላይም ነገሩ በሰላም ይለቅ ብለዋል፣ በፍርድ ቤት ስማችን ጠፋ አለ። ስለ ልጅቷ ሲናገር ስለ ወንበር የሚናገር መሰለ። ሳቅ አለና፦

«ጋሼ፣ ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል። እርስዎ ደግሞ ሳይሾሙ ሊሻሩ ነው። ስምንት ወር እኮ ነው፣ ይብሉት!»

እየው እንግዲህ፣ መዝገቤ። ልርዳዎ ብሎ ነው። ከልቡ ነው። ለእኔ ብሎ ሊዋሽ ነው፣ ያለ አንዳች ክፋት፣ ሻይ እንደሚጋብዝ ሰው። ኅዳር ላይ ሌባ ነው ብዬ የጠላሁት ሰው ዛሬ የባሰ ሆኖ አገኘሁት። ሌባ የሚሰርቀውን ያውቃል። ይህ ግን ምን እንደሚያደርግ አያውቅም።

በነሐሴ ያልተመታ ማኅተም በነሐሴ አልተመታም። ዛሬ ቢመታ ዛሬ ተመታ ማለት ነው፤ ዛሬ የተመታ ደግሞ በውድድሩ ቀን አልነበረም። ይህ የሚከብድ ነገር ነው?

ወረቀቷን ከእጁ ወሰድሁ። የጠርዟን ጥግ ቀለም ነክቷታል። በጥፍሬ ፋቅሁት።

ታኅሣሥ 8።

የሆነውን ለጌጤ ነግሬአታለሁ። ማታ ላይ፣ ራት አቅርባ፣ አንድ ጊዜ ብቻ፦

«በአንዲት ማኅተም። አርባ ዓመት አብሬህ ኖሬ አንድ ቀን ኃላፊው ቤት ነው ወይ ሲሉኝ አዎ ብል ምን ነበረበት?»

ይህን አስቤው አላውቅም ነበር። ስሙ ለእኔ ብቻ መሰሎኝ ነበር።

የወንድሟን ወረቀት ግን አሰብሁ። ሁለት ቀን መምጣት፣ ሁለት ቀን መመለስ። እሱን መልሼ የእኔን ባስመታ፣ ያን ሰው ገደል ለገደል ያንከራተትሁት ለምን ነበር? ለእሱ ሕግ፣ ለእኔ መሳቢያ? ይህን ነገርኋት። ሳህኑን ወደ እኔ ገፋ አደረገችና፣

«እሱስ እውነት ነው» አለች። ደስ ብሏት አይደለም።

ታኅሣሥ 10፣ ሐሙስ። ከቀኑ 8 ሰዓት። ደባርቅ።

አጭር ነው። ወረቀቷን አቀረብሁ። ሰብሳቢዋ ገልብጣ አየቻት። ማኅተሙስ አለች። የለውም አልሁ። ለማስመታት ጊዜ ሰጥተንዎት ነበር አለች። በጊዜው ስላልተመታ አሁን ማስመታት አልቻልሁም አልሁ። ዓለማየሁ ከወዲያ ወገን ተነፈሰ፤ እኔ ብቻ አይደለሁም የሰማሁት። ሰብሳቢዋ ዓይኔን አየችኝ፣ ከዚያ እሱን አየችው። የገባት መሰለኝ። አልጠየቀችም።

ወጥተን ጠበቅን። ተጠራን። ይግባኙ ውድቅ ሆነ። ሁለት ለአንድ። በግራ በኩል የተቀመጠው ዳኛ ተለይቷል፤ ማኅተም ማስመታት የአሠሪው ግዴታ ነበርና ጉዳቱ በሠራተኛው ላይ ሊወድቅ አይገባም ብሎ ጽፏል። ትክክል ነው። ሕጉ እንደዚያ ነው። ይግባኜን ስጽፍ ቀደደ ከማለት ይልቅ ይህን ብጽፍ ኖሮ ባሸነፍሁ ነበር። አራት ገጽ ጽፌ ይህችን አንዲት መስመር አልጻፍሁም። ሰው በመክሰስ ስጠመድ ሕጉን ረሳሁት።

የውሳኔው ግልባጭ ተሰጠኝ። ክብ ማኅተም አለው። አየሁት።

ሚኒባሱ ላይ አራተኛ ሰው ሲመጣ ተጠጋሁ። ደክሞኝ ነው።

ታኅሣሥ 14፣ ሰኞ። ከቀኑ 11 ሰዓት።

ጠዋት ከሁሉ ቀድሜ ገባሁ። የመዝገብ ቤቱን ሦስት ቁልፎች ከቀበቶዬ ፈትቼ በሰናይት ጠረጴዛ ላይ አኖርሁ። ወስፌውንም፣ ማጉንም፣ ቀይ እስክርቢቶውንም። ወስፌው የራሴ ነው፤ ይሁን።

ስትገባ አየችው። ቁልፎቹን አልነካችም። ቆማ ቀረች።

ሁለት ወረቀት ሰጠኋት፤ በማኅደሬ ይታሰሩ አልኋት። አንዱ የችሎቱ ውሳኔ። ሌላው የካሣ ቅጽ፣ ዘጠና አራቱ። ለሰው ላሳይ ብዬ አይደለም። ግን መግባት አለባት ብዬ ነበር፤ ሠርቼባታለሁና።

ውሳኔውን አገላብጣ አየች፤ ተቀበለች። ቅጿን አየች። ረጅም ጊዜ አየቻት። አስተያየቱን ስታነብ ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ። ከዚያ ቀና ብላ አየችኝ፣ ፊቷ ቀልቷል። እኔም አየኋት። አንዳች አልረዳኋትም።

«ጋሼ፣» አለች። ደግማ፦ «ጋሼ፣ ክብ ማኅተም የላትም። አልቀበልም።»

በሁለት እጇ መለሰችልኝ። ገቢውን ገቢ መዝገብ ላይ፣ የተመለሰውን ወጪ መዝገብ ላይ ጻፈች። ምክንያቱን ጻፈች። ፈረመች። ከዚያ ውሳኔውን በወስፌ በሳች፤ ድርብ ማግ፣ ከታች ወደ ላይ። በራሱ ላይ በቀይ ጻፈች፦ 64።

ሥራው ይቀጥላል። በዚህ መ/ቤት አንድ ሰው አለ።

በጠረጴዛዬ ተቀመጥሁና እንደ ወትሮው ጠየቅኋት፤ ዛሬ የሚቀርበው ፋይል የማን ነው አልሁ። «አንቺ» ሳልል «እርስዎ» አልኋት። አለቃዬ ናት። ነጠላዋን ዓይኗ ላይ አድርጋ ወጣች፤ ውጭ ቆይታ ተመለሰች፤ የፋይሉን ቁጥር ነገረችኝ። አቀረብሁ።

ታኅሣሥ 15፣ ማክሰኞ። ከጠዋቱ 12 ሰዓት።

ይህ የመጨረሻው ነው።

ዓለማየሁ ትናንት ስወጣ፣ ከላይ ወዳለው ፍርድ ቤት ይሂዱ፣ አንድ ዳኛ ተለይቷል፣ ያሸንፋሉ አለኝ። ካሣም በስልክ ጠየቀ። መናኸሪያ ያለው ረዳት እንኳ ነገሩ እንዴት ሆነ አለኝ። ሁሉ ሰምቷል፤ ሁሉ ያላምጠዋል፤ ከአፍ ወደ አፍ ሲያልፍ ይበልጥ ይቆሽሻል።

ይግባኝ አልልም። ስለዚህ ነገር ከዛሬ ጀምሮ አልናገርም። ለዳኛ አልናገርም፤ ለጎረቤት አልናገርም፤ ለንስሐ አባቴ ሰው በሐሰት መክሰሴን ብቻ ተናግሬአለሁ፤ እሱም በቃ። ጌጤ ብትጠይቀኝም። ልጆቼ በዓል ሲመጡ ቢጠይቁኝም። ሐምሌ ሲሸኙኝ ንግግር አድርግ ቢሉኝም።

ወረቀቷን እዚህ ገጽ መካከል አኖርኋት። ከኅዳር 3 እስከ ዛሬ ያሉትን ቅጠሎች ከእርሷ ጋር እሰፋቸዋለሁ፤ ዳር እስከ ዳር፣ እንዳይገለጡ። ወስፌዬን ለሰናይት ስለ ሰጠሁ የጌጤን የከረጢት መርፌ ተውሻለሁ። ክሩን ቆርጫለሁ። ቀሪው ቋጠሮው ብቻ ነው።